በጾም የተቀመሰው ብስኩት

ለእህቴ፣

እንደምን ከርመሻል? ልጆቹ፣ ባለቤትሽ ኤባስ ደህና ናቸው? እኔ በአካሌ ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ብቻ ፈርቻለሁ። ልደውልልሽ አስቤ ነበር፤ እማዬ አጠገቤ ስለተቀመጠች ጻፍኩልሽ። ከእኛ ኮልፌ እናንተ ሳንሱሲ ሁለት ታክሲ ነው፤ እኛ ግን ከተያየን ሰባት ዓመታችን።

ዛሬ የገና ብስኩት ስንጋግር ዋልን። እሷ ሊጡን ዳመጠች፣ እኔ ኦቨኑን ያዝኩ። አባዬ ነፍሱን ይማረውና፣ ከቆርቆሮ የሠራልን የኮከብ ቅርጽ ማውጫ ዛሬም ጣት ይቆርጣል። ብስኩቱ ቅቤና እንቁላል ስላለበት መቼም እስከ በዓሉ አይቀመስም። እማዬ እያሸተተች ብቻ እንደምትጋግር ታውቂያለሽ። ፍርፋሪ የላስሽ ቀን የቀመስሽውን ኩርኩም የምትረሺው አይመስለኝም።

የመጀመሪያው ትሪ ሲወጣ አንዱን ኮከብ አንስታ ገመጠችው። ስኳር አንሶታል አለችኝ። የቀለደች መስሎኝ ጾም እኮ ነው ስላት፣ አላምጣ ዋጠችና የምን ጾም እንደሆነ ጠየቀችኝ። ትሪው ከእጄ አመለጠ። ታማ ተኝታ እንኳ ጾም ሽራ የማታውቅ ሴት ናት። ቁልፍ ስትረሳ እርጅና ነው እያልኩ ራሴን ሳታልል ከርሜያለሁ፤ ይሄን ግን ምን ልበለው?

ከዚያ ትልቁን ኮከብ ለይታ በሶፍት ጠቀለለችና በሩን ታይ ጀመር። ልጄ ዛሬ ከትምህርት ቤት ምነው ቆየች አለች። አንቺን ነው። ጴንጤ አገባች ብላ ደጇን የዘጋችብሽ፣ ስምሽን እንዳላነሳ ያስማለችኝ እሷው ናት። አሁን መሐላውም ጠቡም ከልቧ ወጥቷል። እኔም በመሐላው አሳብቤ ሳልጠይቅሽ ኖርኩ፤ ይቅር በይኝ።

ለሰኞ የሐኪም ቀጠሮ ይዣለሁ። የሚሉኝን መስማት እፈራለሁ። ከእሷ ጋር ብቻዬን መሆንም እፈራለሁ፤ እናቴን መፍራቴ ደግሞ ያሳፍረኛል።

ጎረቤታችን የኔነሽ በእናንተ በኩል ወደ አስኮ ስለምትሄድ ኮከቡን ከደብዳቤው ጋር በእሷ እጅ ልኬልሻለሁ። እማዬ ናት ያስያዘችኝ። እጄን ይዛ፣ «ለልጄ አድርሺልኝ» አለችኝ። «አንቺም ቶሎ ግቢ፤ እናትሽ ትሰጋለች።»

እባክሽ በዓሉን አትጠብቂ፣ ነገውኑ ነይ። አንቺን አሁንም ታስታውስሻለች።

እግዚአብሔር መንገድሽን ያቅናልሽ፣ ልጆችሽንም ይባርክልሽ።

ታናሽሽ