ለአስከሬን የቆመው ቡድን

ሐሙስ

ድንች። ዳይሬክተሩ ያሰበው ድንች ነው። ሁለት ዓመት ድንጋዩን በእጄ የለቀምኩለትን የኳስ ሜዳ አሳርሶ ድንች ሊያስተክልበት። ከጃንሆይ ፎቶግራፍ ሥር እንደ ተቀመጠ፣ "ቅዳሜ የሚመጣውን እንግዳ ቡድን ካሸነፋችሁ ሜዳው የእናንተ ነው፤ ከተሸነፋችሁ ይታረሳል። ኳስ ማንን አጠገበ?" አለኝ። እሺ ብዬ ወጣሁ። በሩን ግን ጠንከር አድርጌ ዘጋሁት።

በዚህ ትምህርት ቤት ከእኔ በፊት አሰልጣኝ የሚባል አልነበረም። ይህን ራሴ ካልጻፍኩት ማን ይጽፍልኛል።

እንግሊዝኛ የሚያስተምረው አሜሪካዊ ሊያጽናናኝ ሞከረ። በአገሩም የመጀመሪያዎቹ የኮሌጅ አሰልጣኞች ሜዳውን ራሳቸው ይደለድሉ፣ ሰው ሲጎድል ገብተው ይጫወቱ ነበር አለ። የእነሱ ኳስ እንቁላል መሰል ነው፤ በእጅ ይዘውት ይሮጣሉ። እንዴት ኳስ እንደ ተባለ እንጃ። ነገሩ ግን ደስ አለኝ።

ዓርብ

የጎደለኝ፦ ጫማ ለአራት ልጆች፣ መረብ፣ ትዕግሥት።

ያለኝ፦ ጀማል፣ የነጋዴው ልጅ፣ ግራ እግሩ የማይስት። ግብ ጠባቂዬ ልየው፣ ቤተ ክርስቲያን ዲቁና ተምሮ አስኳላ የገባ፤ እጁ ሙጫ ነው። ነገ እናሸንፋለን።

ቅዳሜ

ተሸነፍን። ሁለት ለአንድ።

አንድ እኩል ነበርን። ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው በሜዳው ጠርዝ አስከሬን ወደ ቤተ ክርስቲያን አለፈ። ልጆቼ በሙሉ ቀጥ ብለው ቆሙ። ልየው ፊቱን ወደ ቃሬዛው አዙሮ አማተበ። እንግዶቹ አላቆሙም፤ ባዶ ጎል ውስጥ አገቡ። ዳኛው፣ የጤና ጣቢያው ድሬሰር፣ "ፊሽካ ሳልነፋ ማን ቁሙ አላችሁ?" ብሎ አጸደቀው።

አበድኩ። ያልኩትን ሁሉ ለመጻፍ አፍራለሁ። "ኳስ ልትጫወቱ ነው ወይስ ለቅሶ ልትደርሱ የመጣችሁት?" ያልኩት ከሁሉም የቀለለው ነው። ልየው አንገቱን ደፍቶ "ጋሼ፣ ሰው እኮ ነው የሞተው" አለኝ።

እሑድ

ከቅዳሴ በኋላ ልጆቹን ሰብስቤ ይቅርታ ጠየቅኳቸው። አሰልጣኝ ተማሪውን ይቅርታ ይጠይቃል? አላውቅም፤ ጠየቅኩ። ኮርቼባቸዋለሁ። ኳስ ማቀበል እኔ አስተማርኳቸው፤ ለሙት መቆምን ከቤታቸው ይዘውት መጡ።

ሰኞ

ለዳይሬክተሩ የሆነውን ሁሉ ነገርኩት። "ተሸንፋችኋል" አለ። ረቡዕ ይታረሳል።

ረቡዕ

አራሹ በጠዋት በሬዎቹን እየነዳ መጣ። ራሱን ተላጭቷል፤ ጋቢውን ዘቅዝቆ ለብሷል። ዳይሬክተሩ ወሰኑን እየተራመደ ያሳየዋል። እኔ ከልጆቹ ጋር ዳር ቆሜያለሁ።

ሰውየው ሞፈሩን ከትከሻው አወረደና ወደ እኛ መጣ። "ቅዳሜ እዚህ ሲጫወቱ የነበሩት እነዚህ ናቸው፣ መምህር?"

ናቸው አልኩ።

"ያለፈው አባቴ ነበር" አለ። ከዚያ ወደ ዳይሬክተሩ ዞሮ፣ "አይቀየሙኝ ጌታዬ፤ ልጆቹ ለአባቴ የቆሙበትን መሬትስ አላርስም። ሌላ ሰው ይፈልጉ" ብሎ ሞፈሩን ተሸከመ።

ልየው ዓይኑን ሲጠርግ አየሁት። እኔም ብሆን ደህና አልነበርኩም።

ዳይሬክተሩ "አራሽ እስኪገኝ ተጫወቱበት" ብሎ ገባ። ይገኝ አይገኝ እንጃ። እስከ ከሰዓት በኋላ ሌሎች ሁለት ገበሬዎች ተጠይቀው እንቢ ማለታቸውን ሰምቻለሁ። ልምምዱን እንደ ወትሮው አሥር ሰዓት ላይ ጀመርን።