ከጓዳ ስትወጣ

አካሉ፣

«አንድ እንቅልፍ ተኝቼ እወጣለሁ» ብለህ ጓዳ የገባኸው በ1976 ነበር። አሁን 1981 ነው። እዚያ ጓዳ ውስጥ ጊዜ እንደማያልፍ፣ ወተት እንኳ ሰንብቶ እንደማይረጋ አብረን ነው የደረስንበት። መደበቂያ ማድረጉ ግን ላንተ ብቻ ታየህ። ጎበዝ ነህ ወላሂ!

ለውትድርና የተጠራኸው አንተ ነበርክ። ሲያጡህ፣ ከዚህ ቤት አንድ ሰው ግድ ነው አሉና አብሬህ በመኖሬ ብቻ እኔን ወሰዱኝ።

ከጦር ሜዳ ስመለስ በበሩ ስንጥቅ አየሁህ። ያቺን የጀመርካትን ማንኮራፋት ገና አልጨረስካትም። ሻይህም እንደ ጋለ ነው። ሳልቀሰቅስህ ይህን መጻፍ ጀመርኩ።

ቁልፉ ከምጣዱ ሥር ነው።
ጣሪያው ያፈሳል። ክረምት የሚባል ነገር ካልረሳህ ባልዲ ደቅንበት።

እናትህ እማማ በለጥሻቸው ቅዳሜ ከከላላ ይመጣሉ። ዘምቷል ብያቸዋለሁ፤ አምስት ዓመት ሙሉ አልቅሰውልሃል። ዓይናቸው ደክሟል፣ በእጃቸው ዳብሰው ነው የሚለዩህ። ፊትህ እንዴት እንደ ሕፃን ለስልሶ እንደቀረ አንተው አስረዳቸው። ባንተ ፈንታ መዋሸት ሰልችቶኛል።

እኔ ወረኢሉ እህቴ ዘንድ ሄጃለሁ። እንዳትከተለኝ። ደግሞ መንገድ መሄድ ያደክምሃል።

ጽሑፉ የኔ አልመስልህ ካለ የኔው ነው። በግራ እጄ መጻፍ የተማርኩት አንተ ተኝተህ ሳለ ነው።

ጀብሪል