በእድሩ ድምፅ ማጉያ የዘፈኑት የወይዘሮ ሰርካለም አስናቀው የሕይወት ታሪክ

ወይዘሮ ሰርካለም ከአባታቸው ከአቶ አስናቀው ወልደ ኪዳን እና ከእናታቸው ከወይዘሮ አየሁሽ ሀብተ ሥላሴ ሚያዝያ 12 ቀን 1976 ዓ.ም. በብቸና ከተማ ተወለዱ። አባታችን ሰው ሲሞት ከተማውን እየዞሩ ለቀብር የሚጠሩ የእድሩ ለፋፊ ነበሩ። የእህታችን ድምፅ ከማን እንደመጣ ጠይቆ የሚያውቅ የለም።

አንደኛና ሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በብቸና አጠናቀው በ1996 ዓ.ም. በደብረ ማርቆስ በመምህርነት ተመረቁ። ፓንክ የሚባለውን፣ በጊታር ታጅቦ በጩኸት የሚዘፈን ሙዚቃ በካሴት የሰሙት እዚያ ነው። ሞጣ ተመድበው ሲያስተምሩ ራዲዮ ጠጋኙን አቶ ሙሂዲንን ከበሮ አስይዘው «እሪ» የተባለውን ባንድ መሠረቱ። የመጀመሪያ ዘፈናቸው በአሥራ ሦስት ዓመቷ ተድራ በወሊድ ስለሞተችው የክፍል ጓደኛቸው ስለ ትርሲት ነበር።

በ1999 ዓ.ም. ብቸና መጥተው ሊዘፍኑ ሲሉ መብራት ጠፋ። አባታችን የእድሩን ባለ ባትሪ ድምፅ ማጉያ አዋሷቸው። ያ ድምፅ ማጉያ ለሞት ካልሆነ ተሰምቶ አያውቅም። እህታችን «ትርሲት! ትርሲት!» ብለው ሲጮሁ ገበያተኛው ነጠላውን አዘቅዝቆ እያለቀሰ መጣ፤ ድንኳን ተሸክመው የደረሱም ነበሩ። ሬሳ አለመኖሩ ሲታወቅ የእድሩ ዳኛ አቶ ስጦታው ተቆጡ። አባታችን ከለፋፊነት ተነሡ፤ ሰርካለምም ሲሞቱ እድሩ እንዳይለፍፍላቸውና እንዳይቀብራቸው ተወሰነ። በብቸና ከዚህ የከፋ ቅጣት የለም። እህታችን ሕዝቡን ስላስደነገጡ ይቅርታ ጠየቁ፤ ሟች የለም መባሉን ግን አልተቀበሉም። «ትርሲት ስትሞት ማን ጮኸላት?» አሉ። አልዋሽም፣ እኔ ወንድማቸውም ያን ጊዜ አፍሬባቸው ነበር።

በ2001 ዓ.ም. ከአቶ ሰማው አካለ ወልድ ጋር ትዳር መሥርተው አንዲት ሴት ልጅ አፈሩ፤ ስሟንም ትርሲት አሏት። ማንንም የማይፈሩት እህታችን ቀባሪ ማጣትን ይፈሩ ነበር፤ ቢሆንም ዘፈኑን አልተዉም። በሞጣ፣ በግንደወይን፣ በደጀን ዘፈኑ። ካስተማሯቸው ሴቶች ልጆች ሦስት ባንዶች ወጥተዋል። ጆሮ ያሳምማል የሚሉ ብዙ ናቸው፤ አንዱ እኔ ነኝ። በ2009 ዓ.ም. አንዲት የግንደወይን ተማሪ፣ ሊያጯት የመጡ ሽማግሌዎች ፊት ቆማ ያንን የትርሲትን ዘፈን ስትጮኸው ሽማግሌዎቹ ተነሥተው ሄዱ። ልጅቷ ዛሬ በሉማሜ አዋላጅ ነርስ ናት። የአቶ ስጦታው የልጅ ልጅ ናት።

ወይዘሮ ሰርካለም ባደረባቸው የኩላሊት ሕመም በሕክምና ሲረዱ ቆይተው ጥቅምት 19 ቀን 2018 ዓ.ም. በተወለዱ በ41 ዓመታቸው ዐረፉ። አባታችን ቀድመዋቸው ያረፉ ሲሆን፣ ባለቤታቸው፣ ልጃቸው፣ እናታችንና እኔ ታናሽ ወንድማቸው አዳሙ በሐዘን ቀርተናል።

በማግስቱ አቶ ስጦታው ድምፅ ማጉያውን በገዛ እጃቸው ይዘው ቤታችን መጡ። «ስሟን አንተ ጥራው፤ እንደሷ አድርገህ ጩኸው» አሉኝ። ጮኽሁ። ብቸና ነጠላዋን አዘቅዝቃ ወጣች። በዚህ ጊዜ የተሳሳተ ሰው አልነበረም።

አምላክ ነፍሳቸውን ከደጋጎቹ እናቶች ጎን ያሳርፍልን፤ ከጓደኛቸው ከትርሲትም ያገናኛቸው። አሜን።