ከዜሮ ወደ አንድ

ረቡዕ፣ የካቲት 4፣ ከሰዓት 10:00

ከስልሳው ሠላሳኛው ወረቀት። ዐይኔ ዞሯል። ማስታወሻዬ፣ አንቺም ብታዪው ይዞርብሻል፤ ሁሉም ላይ እንደ ቀንድ አውጣ ቅርፊት የተጠመዘዘ አንድ መስመር ብቻ። የላይ አርማጭሆ ሰዎች ለአጎቴ ለስንታየሁ የዶክትሬት ጥናት የሣሉት። እጅ የሚያንቀጠቅጥ፣ በዘር የሚወርድ ሕመም አለ፤ መስመሩ ያሳብቃል። ጥርት ያለው 0፣ በትንሹ የሚርገበገበው 1፣ እንዲህ እያለ እስከ 4። ከዚያ ደረጃው ከምራቃቸው ከተወሰደው ዘረ መል ጋር ይተያያል። ደረጃ የምሰጠው እኔ ነኝ፤ እንዳላዳላ ስማቸው ተሸፍኗል።

አጎቴ ደረጃዎቹን ደምሮ አካፍሎ «የመንደሩ አማካይ 1.6» ብሎ ጽፎ ነበር። 1.6 የሚንቀጠቀጥ እጅ የት እንዳየ ጠየቅሁት። ለካ አማካሪውም ይህንኑ ብለው መልሰውበታል። ቁጥሮቹ ቅደም ተከተል ናቸው እንጂ መጠን አይደሉም፤ 2 የ1 እጥፍ አይደለም። ሊቁ አጎቴ!

አምስቱን ደረጃዎች መሬት ላይ ደረደርኳቸው። ደስ አይሉም። የአምስት ሰው አይመስሉም። የአንድ ሰው እጅ ነው የሚመስለው፣ እየቆየ እየቆየ።

ቅዳሜ፣ የካቲት 7

ላይ አርማጭሆ፣ ትክል ድንጋይ ከተማ ደርሰን መጣን። አያ ደሳለኝ የሚባሉ ሽማግሌ ዘር ይቆጥራሉ፤ ሊጋባ ያሰበ ሁሉ ሰባት ቤት መራራቁን የሚያጣራው እሳቸው ዘንድ ነው። አጎቴ የዘር ሐረጉን ይሥላል፣ እኔ ስም እጽፋለሁ። ለእኔስ ባል አይፈልጉልኝም ወይ አልኳቸው።

«የአንቺ ምላስ ሰባት ቤት ዘልቆ ይሰማል፤ ስምንተኛው ላይ እፈልግልሻለሁ።»

ተረታሁ። እጃቸው 4 ነው። ኩባያ አይይዙም፣ ልጃቸው ናት የምታጠጣቸው። ድምፃቸው ግን ንቅንቅ አይልም።

ዘሩን ከላይ ወደ ታች ሲቆጥሩ ጎንደር የተዳረች አንዲት ሴት ጠሩ። ከዚያ ልጇን፣ የልጅ ልጇን። የመጨረሻው ስም የእማዬና የአጎቴ አባት። አያቴ። ብዕሬ ቆመ። አጎቴ መሣሉን አላቆመም። አያ ደሳለኝ እጁን አተኩረው አዩት።

«ምነው አንተ ልጅ፣ ዘመድ ሆነህ ሳለ እንደ እንግዳ መጣህብን?»

በመንገድ ቀልድ አልመጣልኝም።

ሰኞ፣ የካቲት 9፣ ከት/ቤት መልስ

እማዬ ጆጉን በሁለት እጅ ይዛ ውሃ ትቀዳለች። ከመቼ ጀምሮ?

ማክሰኞ፣ የካቲት 10፣ 11:00

አንድ ወረቀት ተጨምሯል። ቁጥር 61። ትላንት አልነበረም። 1 ነው አልኩ። አጎቴ ከኋላዬ ቆሟል። 0 እንዳይሆን አለ፣ ምናልባት ጠረጴዛው ተነቃንቆ። ስለ ስልሳዎቹ አንዴም ጠይቆኝ አያውቅም። ማሾፍ ፈለግሁ፤ 3 ነው 4 ነው ሲባል አልተከራከርክ፣ ለዚህ አንድ ቁጥር ምን አስጨነቀህ አልኩት።

«እዚያ ደረጃ መውጣት ነው» አለ። «ከ0 ወደ 1 ግን ቤት መቀየር ነው።»

እጁ ኪሱ ውስጥ ነው። የማን ወረቀት እንደሆነ አልጠየቅሁም። መስኮቱ ጋ ወስጄ አየሁት። ውጭኛው ዙር ላይ፣ ሦስት ቦታ፣ ጥቃቅን ጥርሶች።

1 ብዬ ጻፍኩ። አመሰገነኝ። አመስግኖኝ አያውቅም።

ከዚያ ሁለት ባዶ ወረቀት ጠረጴዛው ላይ አኖረ። አንዱ ለእማዬ። ሁለተኛውን ግዴታ የለብሽም አለ፣ ወጣ።

የእማዬን ደረጃ ሌላ ሰው ይስጥ፤ እኔ አልነካውም። የራሴን ግን ብርሃኑ ሳይሄድ እሥላለሁ። ወስኛለሁ። እስከዚያ ወደ ኋላ ገልጬሽ የእጅ ጽሑፌን አላይም።