የሚኮላ ፈረስ

ሰኞ

የቼዙ ጥቁር ፈረስ ቅዳሜ ትቼው በወጣሁበት የሰሌዳ ቤት ላይ አልነበረም። ሁለት ቤት ወደፊት፣ አንድ ወደ ጎን ሄዷል። ደንቡን የጠበቀ አካሄድ ነው።

እዚህ ክሪስታል ከተማ፣ ቦህዳን ዘንድ በቤት አስታማሚነት ሥራ ከጀመርኩ ሦስተኛ ሳምንቴ ነው። ሰማንያ አንድ ዓመቱ ነው፤ በዘመኑ በዩክሬን ስም ያለው የቼዝ ግራንድ ማስተር ነበር። አሁን የመደገፊያ ዎከሩን ሳይዝ አይቆምም፣ እጁም ይንቀጠቀጣል። አንድ ጠጠር ሊያነሳ ሲል ሦስት ይጥላል። ስለዚህ የነጩን ተራ እሱ ይናገራል፣ እኔ አስቀምጣለሁ። በቀን አንድ ብቻ። በማግስቱ ጠዋት ስመጣ ጥቁሩ መልስ ሰጥቶ ይጠብቀኛል። ዩክሬን፣ ካርኪቭ ያለ ወዳጁ ተራውን በስልክ ይነግረዋል፣ የሆነ ሰው ያስቀምጥለታል ብዬ ስላሰብኩ ጠይቄም አላውቅ።

ዛሬ ጠየቅሁት። ማን ነው ያንቀሳቀሰው?

"ሚኮላ" አለኝ አጃውን እየበላ። "ሌሊት መጥቶ ተጫወተ።"

ሃያ ሁለት ዓመት ጋዜጣ ላይ ሠርቻለሁ። ሰው ያለውን ቃል በቃል መጻፍ ከእጄ አልወጣም። የቀጠረኝ ኤጀንሲ በዕለት ሪፖርቱ የሚፈልገው በላ፣ ታጠበ፣ መድኃኒቱን ወሰደ የሚል ነው። እኔ ግን ይህችን ከሥር በትምህርተ ጥቅስ ጨመርኳት። ላክሁት።

ማክሰኞ

የኤጀንሲው ነርስ ደወለች። ሚኮላ ማን ነው አለች። የድሮ ጓደኛው፣ እሱም ቼዝ ተጫዋች ነው አልኳት። ሚኮላ ባለፈው ዊንተር መሞቱ የቦህዳን ፋይል ላይ ተጽፏል አለችኝ። ለቦህዳን እንዳይነገር ሴት ልጁ አደራ ብላለች።

ነርሷ ዓርብ መጥታ ታየዋለች። ከሞተ ሰው ጋር የሚጫወት ከሆነ ብቻውን ማደር የለበትም፤ አእምሯቸው ለደከመ ሰዎች ወደተዘጋጀ ቤት ይዛወራል። የእኔ አንዲት ዓረፍተ ነገር ያመጣችው ነው። ማንም አልጠየቀኝም ነበር።

ዛሬ ጥቁር ወታደር አንድ ቤት ሄዷል።

ቁልፍ ያለን፦ እኔ፣ ልጁ ኢሪና፣ የሕንፃው ኃላፊ። ኢሪና ከትናንት ጀምሮ ለሥራ ዱሉዝ የምትባል ሩቅ ከተማ ነች። ስልኳ አልተነሳም፤ አባትሽ ደህና ነው፣ ስትመለሺ እንነጋገር ብዬ ቴክስት ላክሁላት። ሐሙስ እመለሳለሁ አለችኝ።

ጺሙን ስላጨው ታሪኩን አወራኝ። ፖልታቫ አጠገብ በምትገኝ ትንሽ የባቡር ጣቢያ ነው ያደገው። ቼዝ ያስተማረው የሐዲድ ጠባቂ ነበር፤ ጠጠሮቹ ከቆርቆሮ የተቆረጡ። በሠላሳ ዓመቱ ለአገሪቱ ሻምፒዮንነት የመጨረሻውን ጨዋታ ከሚኮላ ጋር ገጠመ። ስድስት ሰዓት ተቀምጠው እኩል ወጡ። ቼዝ ተጫዋቾች እኩል ሲወጡ እንደሚያደርጉት ሁለቱን ንጉሦች መሀል ሰሌዳ ላይ አቁመው ተጨባበጡ። በውድድሩ ድምር በግማሽ ነጥብ ይመራ ስለነበር ዋንጫው የቦህዳን ሆነ።

"ሚኮላ እጄን ይዞ ምን እንዳለኝ ታውቃለህ፣ ጋዜጠኛ? 'የተውሶ ነው' አለኝ።"

ምላጩ አገጩ ላይ እያለ ሳቀ። ትንሽ ደማ።

ሰሌዳው ያለው ትንሿ ክፍል ውስጥ ነው። ከመውጣቴ በፊት ፎቶ አነሳሁት። በሩን ዘጋሁና ከታች በኩል ቀጭን ፕላስተር ለጠፍሁበት።

ረቡዕ

ፕላስተሩ አልተነካም። ፈረሱ ሄዷል።

ፎቶውን አጠገቡ አድርጌ ጠጠር በጠጠር አመሳከርኩ። ልዩነቶቹ፦

ጥቁሩ ፈረስ አዲስ ቤት ላይ ነው።

ትናንት ፊቱ ወደ ነጮቹ ነበር። ዛሬ ወደ ራሱ ንጉሥ ዞሯል።

የጥቁሩ ወገን ወንበር ከጠረጴዛው አንድ ክንድ ያህል ርቋል፣ ሰው ተነስቶ እንደሄደ።

መስኮቱ ከውስጥ እንደተቆለፈ ነው። ቦህዳን የነጩን ተራ ነገረኝ፤ አስቀመጥኩ።

ማታ ብሉሚንግተን ወዳለው ቤታችን ስገባ ለባለቤቴ ለአስቴር ነገርኳት። ከኤርፖርት ሺፍቷ መግባቷ ነበር፤ ጫማዋን እንኳ አላወለቀችም።

"አንተ ሰውዬ፣ ጋዜጣው ተዘግቶም ዜና ታሳድዳለህ?"

"ፕላስተሩ አልተነካም እልሻለሁ።"

"እንግዲያው ጠበል ይዘህ ሂድ።"

"ሟቹም ኦርቶዶክስ ነው።"

"ታዲያ ምን ቸገረህ? የእኛው ሰው ነው፣ ይጫወት!"

ስቃ ስታበቃ ግን አንድ ጫማዋን በእጇ እንደያዘች አየችኝ። "ሽማግሌው በአንተ ብዕር ከቤቱ እንዳይወጣ" አለች። ከዚያ ወዲያ እራት አልበላልኝም።

ሐሙስ

ኢሪና ከዱሉዝ በቀጥታ እዚህ መጣች። ኮቷን ሳታወልቅ ሁሉንም ነገርኳት፤ ሪፖርቱን፣ ነርሷን፣ ዓርብን። ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች።

"እኔ ነኝ" አለች።

ሚኮላ ተራውን በስልክ የሚነግረው ለእሷ ነበር፤ ሲሞት ለአባቷ መንገር አልቻለችም። በየማለዳው ሥራ ሳትገባ ከምትኖርበት ከኢገን መኪናዋን እየነዳች ትመጣለች፣ ቀስ ብላ ትከፍታለች፣ የስልኳ የቼዝ ፕሮግራም የመረጠላትን የጥቁሩን ተራ አስቀምጣ ትወጣለች። እሁድ ብቻ ጨዋታ የለም።

ከሰኞ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ በደንብ ተነፈስኩ። ለነርሷ የምንናገረው ነገር አገኘን።

"ያሳዝነኛል" አለች። "ሦስት ቀን ሙሉ ተራው ሳይደርሰው ቀረ። የመጨረሻዬ ሰኞ ጠዋት ነበር፤ ፈረሱን አንቀሳቅሼ ሄድኩ።"

ስልኬን አውጥቼ ፎቶዎቹን አሳየኋት። የማክሰኞን። የረቡዕን። የዛሬን ጠዋት፣ ጥቁሩ ግንብ የሄደበትን። ደጋግማ አየቻቸው።

"ፈረሱን ለምን አዞርሽው?" አልኳት፣ መልሱን እያወቅሁ።

"ፊቱ ወዴት እንደሆነ አይቼም አላውቅ።"

ሁለታችንም ወደ ትንሿ ክፍል አልገባንም።

ዓርብ

ነርሷ በአራት ሰዓት ደረሰች። ቦህዳን ነጭ ሸሚዝ ልበስ ሳንለው አልብሱኝ አለ። ቀኑን ጠየቀችው፣ የመንገዱን ስም፣ የመድኃኒቶቹን ስም። አንዱንም አልሳተም።

"ሚኮላ የት ነው ያለው?"

"ካርኪቭ። መቃብር ውስጥ።"

ኢሪና ብድግ አለች። "ፓፓ! ታውቅ ነበር?"

"ከሃምሳ ዓመት በላይ አውቀዋለሁ። የራሱን ንግሥት አደጋ ላይ ሳይጥል ተጫውቶ አያውቅም። ባንድ ጊዜ እንከን የለሽ ሆነ። ሰው እንዲህ የሚሻሻለው ሲሞት ብቻ ነው።" ወደ ነርሷ ዞረ። "ልጄ ማለዳ በሩን ስትከፍት እሰማለሁ። እሷ አባቴን አጽናናሁ ትላለች፣ እኔ ልጄን። ለጋዜጠኛው ቀለድኩበት፤ እሱ ደግሞ አተመው።"

ነርሷ ሳቀች። እዚሁ ይቆያል አለች፤ ፈረመች። እኔም ሪፖርቱ ላይ እርማት አስገባሁ፦ የሰኞው ጥቅስ ቀልድ ነበር። በሥራ ዘመኔ እንዲህ ደስ ብሎኝ እርማት አውጥቼ አላውቅም።

ነርሷ እንደወጣች ወደ ሰሌዳው ውሰደኝ አለ። በሚንቀጠቀጥ ጣቱ ወደ ጥቁሩ ፈረስ ጠቆመ።

"ይሄን ግን ልጄ አላደረገችውም። ፈረሱን የሚያዞር ሚኮላ ብቻ ነው። ንጉሥ የፈረስ ቂጥ እያየ አይዋጋም ይል ነበር።"

አልሳቅንም።

"ደክሞኛል፤ እሱም ይደክመዋል። እኩል እንውጣ ይላል በልልኝ።"

"ለማን?"

ባዶውን ወንበር አየው። አፈርኩ፤ ግን አልኩ። በእንግሊዝኛ ልናገር ብዬ በአማርኛ ነው የወጣው።

በሩ ላይ እንደገና ፕላስተር ለጠፍሁ። ኢሪና ሶፋውን ጎትታ በሩ ላይ አስጠጋችና መኝታዋን እዚያው አነጠፈች።

ቅዳሜ

ኢሪና ምንም አልሰማሁም አለች። ዓይኗ ቀልቷል፤ የተኛች አትመስልም። ሶፋውን አብረን ገፋን። ፕላስተሩ እንደለጠፍሁት ነው።

ሁለቱ ንጉሦች መሀል ሰሌዳ ላይ ጎን ለጎን ቆመዋል። ሌላው ጠጠር ሁሉ ከቦታው አልተነቃነቀም። ወንበሩ ወደ ጠረጴዛው ተጠግቷል።

ኢሪና እጄን ያዘች። ፎቶ አላነሳሁም።

ቦህዳን በሦስት ሰዓት ነቃ። መጀመሪያ የጠየቀው፦

"ተቀበለ?"

"ተቀበለ" አልኩት።

ራሱን ነቀነቀ። ጠጠሮቹን ወደ ሳጥናቸው እንድመልስ ነገረኝ። ጥቁሩን ፈረስ መጨረሻ ላይ ነው ያነሳሁት፤ ፊቱን ወደ ንጉሡ አድርጌ አስተኛሁት።

የዛሬ ሪፖርቴ ይህ ነው፦ ቁርሱን ጨርሷል። መድኃኒቱን ወስዷል። ሌሊቱን በሰላም ተኝቷል።

ሦስቱንም አረጋግጫለሁ። ሌላ አልጨመርኩም።