የሹመት ደብዳቤዬ ጀርባ

ይድረስ ለልጄ፤ እግርሽን ከእንቅፋት፣ ስምሽን ከክፉ አፍ ይጠብቅልኝ።

እኛ ደህና ነን። አባትሽን ብቻ ጉልበቱን ያመዋል፤ ሐኪም ቤት ሂድ ስለው ያኮርፋል። አንቺም ቁርስ ሳትበይ አትውጪ።

እኔን ያቃጠለኝ ይሄ የጡረታ ክርክር ነው። አሥራ ስድስት ዓመት የሆስፒታሉ ልብስ ማጠቢያ ክፍል ኃላፊ ሆኜ ጡረታዬን በተራ አጣቢ ደመወዝ አሰሉብኝ። ነገረ ፈጃቸው ችሎት ቆሞ "የሹመት ደብዳቤ ማህደሯ ውስጥ የለም" ይላል። ያን ሁሉ ዘመን አንሶላውን ማን ሲያስቆጥር እንደነበር ጠፍቷቸው ነው? አምስት ቀጠሮ አመላለሱኝ። ባለፈው ደግሞ ዳኛዋ "ኮፒ አይበቃም፣ ዋናውን አምጪ" አሉኝ።

ቤቱን ስገለብጥ ከርሜ ትናንት ትዝ አለኝ። ዋናው አንቺ ጋ ነው። ልጅ ሆነሽ ደብዳቤው ጀርባ ላይ ጋዋን አልብሰሽ የሳልሽኝ፣ በፍሬም አድርገሽ ይዘሽው የሄድሽው ሥዕል ነው። ወረቀት አጣሁ ብለሽ ስታለቅሺ አንስቼ የሰጠሁሽ እኔው ነኝ፤ ማንን እወቅሳለሁ።

እባክሽ ልጄ፣ ሳይቀደድ አውጥተሽ ላኪልኝ፤ እመልስልሻለሁ። ያሰብሽው ሁሉ ይሳካልሽ። ከሥዕሉ ሥር "እማዬ አለቃ ናት" ብለሽ ጽፈሻል። ለዳኛዋ መጀመሪያ የማሳየው እሱን ነው።

እናትሽ