ለአባቴ፣ ስለ ፊልሙ መጨረሻ

የምወድህ አባዬ፣

ከተለያየን ሰባት ወር ሞላ። እናቴ ደህና ናት ብዬ ልጀምር ነበር፤ ግን አንተን መዋሸት አልፈልግም። ቦዲቲ ጸሎት ቤት ስትሄድ እንደ ድሮው ፊት አትቀመጥም፤ በሩ አጠገብ ትሆንና ከቡራኬ በፊት ትወጣለች። የጓሮው እንሰት ሳይኮተኮት ከረመ። እኔ ወደ ሶዶ ተመልሻለሁ፤ ከዚያ ወዲህ አንድ ገጽ አልጻፍኩም።

ስለ መንፈሳዊ ፊልም ጸሐፊነቴ ሲጠይቁህ፣ ልጄ የሚኖረው በመዋሸት ነው፣ ደግነቱ የሚዋሸው ስለ ጌታ ነው እያልክ ትስቅ ነበር። ይህን ሳስታውስ አሁንም እስቃለሁ፣ ከዚያ ያመኛል።

ምስጢርህን የነገርከኝ ሆስፒታል ሳስታምምህ ነው። በደርግ ጊዜ ጸሎት ቤቱ ተዘግቶ ሳለ ካድሬዎቹ ገረፉህ፤ መጽሐፍ ቅዱሶቹ ማን ቤት እንደተደበቁ ተናገርክ። የጓደኛህ ቤት ነበር። እሱ እስር ቤት ሞተ። አንተ ተፈታህ፤ ደርግ ሲወድቅም በእምነቱ የጸና ተብለህ የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ሆንክ። ያን ሁሉ ዘመን በሆድህ ይዘኸው ኖርክ። ለማንም እንዳልናገር ለመንከኝ፤ እሺ አልኩ።

አልተናገርኩም፣ ፊልም አድርጌ ጻፍኩት። ስም ቀየርኩ፣ አገሩን ከቦዲቲ ወደ ሃላሌ አዞርኩት፣ ስለ ንስሐ ያስተምራል ብዬ ራሴን አሳመንኩ። መጨረሻው ላይ ሽማግሌው በጉባኤው ፊት ይናዘዛል፤ ሰው ሁሉ እያለቀሰ ተነስቶ ያቅፈዋል። ሶዶ ስናሳይ ከፊት ተቀምጠህ እስከ መጨረሻው አየኸው። ስትወጣ ትከሻዬን መታ መታ አድርገህ አለፍክ። የተቀየምከኝ መስሎኝ ነበር። አንተ ግን አምነኸኝ ነበር።

በማግስቱ እሑድ፣ ቦዲቲ ጸሎት ቤት፣ በምስክርነቱ ሰዓት ተነሳህ። የጓደኛህን ስም ጠርተህ ሁሉንም ተናገርክ። ከዚያ እጆችህን ከፈት አድርገህ ጠበቅክ፤ እኔ የጻፍኩት እንደዚያ ነበርና። ማንም አልተነሳም። የጓደኛህ ሚስት ነጠላዋን ፊቷ ላይ ሳበች። ሽማግሌዎቹ ከጌታ እራት አገዱህ፤ እገዳው ሳይነሳልህ ሞትክ።

ፊልሙ ግን ይወደዳል። በየአጥቢያው ያሳዩታል፤ ሰዎች መጨረሻው ላይ ያለቅሳሉ፣ ተባረክ ይሉኛል። የጓደኛህን ሚስት አልወቅስም፤ ባሏን ያጣችው እሷ ናት። ሽማግሌዎቹንም ሥርዓታቸው ነው ብዬ ልተዋቸው እችላለሁ።

ማንም አልተነሳም ስል ግን እኔም አለሁበት፣ አባዬ። ሦስተኛው አግዳሚ ላይ ነበርኩ። በፊልሙ ውስጥ ቀድሞ ተነስቶ ሽማግሌውን የሚያቅፈው ልጁ ነው፤ የጻፍኩት እኔ ነኝ። ያን እሑድ ሰው ምን ይለኛል ብዬ፣ አንተ እጆችህን እስክታወርድ ድረስ አቀርቅሬ ጫማዬን አየሁ። ማየቴንም ታውቃለህ፤ ወደ እኔ ዞረህ ነበር። ከእንግዲህ ፊልሙ በታየበት ሁሉ ቆሜ ይህን እናገራለሁ፤ አንተን የማስታውስህ እንዲህ ነው።

ያልተነሳው ልጅህ